አባቴ «ይሰማኛል፣ ግን አይገባኝም» ይላሉ። እንዲህ ያለ ነገር አለ?

የሳሪስ_ልጅ
ሰላም ለሁላችሁ። ምክር ፈልጌ ነው። አባቴ 67 ዓመታቸው ነው። ዕድሜያቸውን ሙሉ የሠሩት እንጨት ቤት ነው፣ ጣውላ መሰንጠቂያው ማሽን አጠገብ። አሁን ጡረታ ወጥተው ቤት ይውላሉ። ችግሩም የታየን ቤት መዋል ከጀመሩ ወዲህ ነው።

ቴሌቪዥኑ ጎረቤት ድረስ ይሰማል። ስልክ ሲደወልላቸው ለእናቴ ያቀብላሉ። ስናወራቸው ወይ «እህ?» ይላሉ፣ ወይ ዝም ብለው ፈገግ ይላሉ። ግራ የገባኝ ግን ይሄ ነው። ዝግ ብዬ ሳወራ አይሰሙኝም። ድምፄን ከፍ ሳደርግ ደግሞ «ምን ያስጮህሃል? ደንቆሮ ነኝ እንዴ?» ብለው ይቆጡኛል። ሐኪም ቤት እንሂድ ስላቸው፦ «ይሰማኛል እኮ! አይገባኝም እንጂ። እናንተ ናችሁ አፋችሁ ውስጥ የምታወሩት።»

እናቴ ተቀይማለች። የወንድሜን ወሬ ይሰማሉ፣ የሷን አይሰሙም። «እኔ ስናገር ጆሮ ዳባ ልበስ ነው» ትላለች። ስንት ዓመት አብረው ኖረው አሁን በዚህ ይኳረፋሉ።

ጆሮ ላይ የሚሰካ ድምፅ ማጉያ መርካቶ በርካሽ ይሸጣል ሲሉ ሰማሁ። ገዝቼ ልስጣቸው?

ጣና_ዳር
የኔም አባት እንደዚያው ናቸው። አጎቴ መኪናውን ለልጁ ሰጠው። አባባ «ሸጠው» ብለው ሰሙ። «ለገዛ ልጁ መኪና ይሸጣል?» ብለው ኩርፊያ ገቡ። አጎቴ ፋሲካ ላይ በግ ይዞ መጥቶ ነው ነገሩ የተጣራው። አሁን እንስቅበታለን፤ ያን ጊዜ ግን ሽማግሌ ሊላክ ነበር።

የጓዳ_መድኃኒት
ወንድሜ ምን አስጨነቀህ። ጤና አዳም ጨምቀህ ጠብ ጠብ አድርግላቸው። ካልሆነ ለብ ያለ ዘይት። እኛ ያደግነው በሱ ነው።

ከአንገት_በላይ
ሐኪም አይደለሁም፤ የመስማት ምርመራ ክፍል ነው የምሠራው።

@የጓዳ_መድኃኒት፣ እባክህ ጆሮ ውስጥ እንዲህ ያለ ነገር አይጨመር። የጆሮ ታምቡር ቀዳዳ ካለው የተጨመረው ሁሉ ቀጥታ ወደ መካከለኛው ጆሮ ይገባል። ጆሯቸው መግል እየያዘ የሚመጡ ልጆች አሉ። አንዳንዶቹ መጀመሪያ ቤት ውስጥ አንድ ነገር ተጨምሮባቸዋል።

ወደ አባትህ ልምጣ። «ይሰማኛል፣ አይገባኝም» የሚለውን እኛ ክፍል ሁልጊዜ እንሰማዋለን። ሰውዬው እውነታቸውን ነው።

ድምፅ ታምቡሩን ይመታል። ከታምቡሩ ኋላ ሦስት ጥቃቅን አጥንቶች አሉ። የመጨረሻዋ፣ እርካብ የምትባለው፣ 3 ሚሊ ሜትር ገደማ ናት። ከሰውነታችን አጥንት ሁሉ ትንሿ እሷ ናት። ንዝረቱን ወደ ውስጠኛው ጆሮ የምትገፋውም እሷ። እዚያ ቀንድ አውጣ የሚመስል፣ በፈሳሽ የተሞላ ጥቅልል ቱቦ አለ። በእያንዳንዱ ጆሮ 15,000 ገደማ ፀጉራም ሴሎች ቱቦው ውስጥ ተደርድረዋል። ንዝረቱን ነርቭ ወደሚረዳው መልእክት የሚለውጡት እነሱ ናቸው። በመግቢያው በኩል ያሉት ቀጭን ድምፅ ይቀበላሉ፤ ጫፍ ላይ ያሉት ወፍራሙን። ዕድሜም የማሽን ጩኸትም ቀድሞ የሚጎዳው የቀጭኑን ድምፅ ሴሎች ነው። የሞተ ሴል በሰው ላይ ተመልሶ አይበቅልም። በወፎች ላይ ይበቅላል፤ እኛ አልታደልንም።

አሁን አማርኛችንን አስቡት። አናባቢው ወፍራምና ጉልበታም ነው፤ ይሰማል። ሰ፣ ሸ፣ ፈ፣ ጸ፣ ተ ግን ቀጭንና ደካማ ናቸው። ስለዚህ አባትህ ሰው እያወራ መሆኑን ይሰማሉ። ቃልን ከቃል የሚለዩት ድምፆች ግን አይደርሷቸውም። የ@ጣና_ዳር «ሰጠው» እና «ሸጠው» አንድ የሆኑት በዚህ ነው። «አምስት» እና «አምሳ»ም ይምታታሉ፤ ገበያ ላይ ይሄ ቀልድ አይደለም። የእናትህም ቅያሜ ከዚሁ የመጣ ነው። የሴትና የሕፃን ድምፅ በአብዛኛው ቀጭን ነው። የወንድምህ ወፍራም ከሆነ እሱ ይገባቸዋል።

ቁጣውስ? የተጎዳ ጆሮ ትንሹን ድምፅ አይሰማም። ትልቁን ግን እንደ እኔና እንደ አንተ ይሰማል፤ እንዲያውም ያመዋል። «አልሰማሁም» ከሚሉበት እስከ «ጮህክብኝ» ድረስ ያለው ቦታ በጣም ጠባብ ነው። ስትጮህ ደግሞ የሚጎላው አናባቢው ነው። የጠፋው ሰ አይመለስም።

ማጉያውን ተወው። ሁሉንም ድምፅ እኩል ያጎላል። ደህና የሚሰሙትን የማሽንና የመኪና ድምፅ ጭምር። ትክክለኛው የመስሚያ መሣሪያ በምርመራው ውጤት ይስተካከላል፤ የጎደለውን ብቻ ይሞላል። መጀመሪያ ከአንገት በላይ ሐኪም ይያቸው። ጥቁር አንበሳም ጳውሎስም ክፍሉ አለ። ምናልባት ኩክ ብቻ ሊሆን ይችላል እኮ።

የጓዳ_መድኃኒት
እሺ ተሸነፍኩ። ግን አያቴ 90 ዓመት ኖራለች፣ በጤና አዳም።

ጣና_ዳር
በቡና ጠጥታው ይሆናል።

ባለ_ወፍጮ
@ከአንገት_በላይ፣ ልጠይቅህ። ከልጅነቴ ጀምሮ ወፍጮ ቤት ነው የምውለው። ወፍጮው ሲዞር ከደንበኛ ጋር የምንግባባው በእጅ ነው። ማታ ቤት ስገባ ጆሮዬ «ሺ...» ይላል። ጠዋት ይተወኛል። ከተወኝ ደህና ነኝ ማለት ነው?

ከአንገት_በላይ
አይደለም። ፀጉራም ሴሎቹን እንደ ሣር አስባቸው። በሬ አንዴ ቢረግጠው ይተኛል፣ ሲያድር ቀና ይላል። በየቀኑ ከተረገጠ ግን መንገድ ይሆናል። የማታው «ሺ» መረገጡን እየነገረህ ነው።

ቀላል መለኪያ ልንገርህ። አንድ ክንድ ርቆ የቆመ ሰው እንዲሰማህ መጮህ ካለብህ፣ ጩኸቱ 85 ዴሲቤል (የድምፅ ኃይል መለኪያ ነው) ወይም ከዚያ በላይ ነው ብለህ ያዝ። በ85 የሚፈቀደው በቀን 8 ሰዓት ነው። ከዚያ በኋላ በየ3 ዴሲቤሉ ጊዜው በግማሽ ይቀንሳል። በ88 ላይ 4 ሰዓት፣ በ100 ላይ 15 ደቂቃ ብቻ። ጥጥ መጠቅጠቅ ብዙ አይረዳም። ሙሉ ጆሮውን የሚሸፍነውን መከላከያ ግዛ። ለሠራተኞችህም።

ሄድፎን_አልወልቅም
ውይ ወፍጮ ቤት ባልሠራም የኔም ይጮሃል። ጸጥ ባለ ክፍል ውስጥ ነው የሚብሰው። እናቴ «ሰው እያማሽ ነው» ትለኛለች። እንደዚያ ከሆነ አዲስ አበባ ሙሉ ሥራ ፈቶ እኔን እያማኝ ነው።

ከአንገት_በላይ
ሃሃ። ቲኒተስ ይባላል። በተለምዶ ከጆሮው ጉዳት ጋር ይያያዛል። አንጎል የቀረበትን ድምፅ ሊተካ ሲሞክር ነው የሚሉ አሉ። ኩክም ሊያመጣው ይችላል፤ አስፕሪን በብዛት መውሰድም። አንድ ጆሮ ላይ ብቻ ከሆነ ወይም እንደ ልብ ትርታ የሚመታ ከሆነ ሳታሳዪ አትቆዪ። ሄድፎኑን በተመለከተ የዓለም ጤና ድርጅት የሚለው ለአዋቂ በሳምንት 40 ሰዓት፣ ከ80 ዴሲቤል ሳይበልጥ ነው። የስልክሽን ድምፅ ከ60 በመቶ አታሳልፊው። ታክሲ ውስጥ የሹፌሩን ሙዚቃ ለማሸነፍ የምታደርጊው ነገር ነው ዋናው ጠላትሽ።

ገርጂ_ማዞሪያ
ክሩን ሳነብ ትንሽ ደነገጥኩ። ሰኞ ጠዋት ስነሳ ግራ ጆሮዬ ድፍን ብሏል። አላመመኝም። ኩክ ነው፣ ይለቃል ብዬ እየጠበቅኩ ነው።

ከአንገት_በላይ
አትጠብቅ። ዛሬውኑ ሂድ። በድንገት በአንድ ጆሮ መስማት ማቆም የነርቭ ከሆነ ድንገተኛ ሕመም ነው። የሚሰጠው መድኃኒት ስቴሮይድ ነው። የሚሠራው ቶሎ ሲጀመር ነው፣ ቢቻል በመጀመሪያዎቹ ቀናት፣ ቢዘገይ በሁለት ሳምንት ውስጥ። እስከዚያ አፍህን ዘግተህ «እምምም» በል። ድምፁ ወደተደፈነው ጆሮ ካዘነበለ ኩክ ወይም የመካከለኛው ጆሮ ጉዳይ ሊሆን ይችላል። ወደ ደህናው ካዘነበለ ያሰጋል። ይሄ ግን ምርመራን አይተካም። በሁለቱም ሂድ።

ገርጂ_ማዞሪያ
ወደ ደህናው ነው ያዘነበለው። እየወጣሁ ነው።

ሜሪላንድ_ሐበሻ
ከአሜሪካ ነኝ። እዚህ ከጥቅምት 2022 ጀምሮ ቀላልና መካከለኛ ችግር ላለበት አዋቂ ያለ ሐኪም ማዘዣ መሣሪያ ይሸጣል። የአፕል ጆሮ ማዳመጫ ኤርፖድስ ፕሮ 2 እንኳ በ2024 እንደ መስሚያ መሣሪያ እንዲያገለግል ተፈቅዶለታል። ዋጋው ከድሮው በጣም ቀንሷል። መደበኛው ሜዲኬር (የአረጋውያን የመንግሥት ጤና መድን) ግን መስሚያ መሣሪያ አይሸፍንም፤ ወላጅ ያመጣችሁ ይህን ዕወቁት።

ሻንጣ ውስጥ ከትቼ ልላክ የሚል ዘመድ ካላችሁ ደግሞ ቀድሞ ምርመራ ይደረግ። የአክስቴን ልጆች አውቃለሁ። ውድ ዕቃ ገዝተው ላኩ። ስልክ ላይ ካልተስተካከለ አይሠራም፤ እሷ ደግሞ ያላት ባለ ቁልፍ ስልክ ነው። አሁን መሳቢያ ውስጥ ነው ያለው።

አንድ ነገር ልጨምር። እዚህ ሐኪሞቹ መስማት የደከመ ሰው ለመርሳት በሽታ ይጋለጣል እያሉ ነው። መሣሪያ ካደረገ ይድናል ይላሉ።

ጥርጣሬ
መሣሪያ ሻጭ የሚለውን ሁሉ ማመን ነው እንግዲህ። ያረጀ ሰው መስማትም ይደክመዋል፣ ይረሳልም። አንዱ ሌላውን አመጣ ማለት ነው?

ከአንገት_በላይ
ጥያቄው ተገቢ ነው። «ይድናል» የሚለው ተጋንኗል። አሜሪካ ውስጥ ከ70 እስከ 84 ዓመት የሆናቸው 977 ሰዎች ለ3 ዓመት የተከታተሉበት ጥናት አለ። በ2023 ላንሴት የሚባለው የሕክምና መጽሔት ላይ ወጥቷል። ግማሾቹ መሣሪያና ክትትል አገኙ፣ ግማሾቹ የጤና ትምህርት ብቻ። በጠቅላላው ሲታይ በማሰብ ችሎታቸው ላይ ልዩነት አልታየም። ቀድሞውኑ አደጋቸው ከፍ ያለ ነበር በተባሉት ዘንድ ግን መሣሪያ ያገኙት ድክመታቸው በ48 በመቶ ዘግይቷል። ስለዚህ ለሁሉም የሚሆን ነገር አይደለም፤ ከንቱም አይደለም። እኔ ለቤተሰብ የምለው ሌላ ነው። አባትህ ዛሬ ከቡናው ጨዋታ ከወጡ፣ የዛሬ አሥር ዓመቱን መርሳት ሳይጠብቁ ብቻቸውን ሆነዋል።

ጥርጣሬ
እሱን እቀበላለሁ።

አወያይ
«ደንቆሮ» እያላችሁ የቀለዳችሁባቸውን ሁለት አስተያየቶች አጥፍቻለሁ። የክሩ ከፋች አባቱ ያሉትን መጥቀሱ ሌላ ነው። ቀጥሉ።

እጄ_ይናገራል
አወያይ አመሰግናለሁ። እኔ መስማት የተሳነኝ ነኝ። ልጅ ሆኜ ማጅራት ገትር ይዞኝ ነው። በሽታው በሚበዛበት፣ ከሴኔጋል እስከ ኢትዮጵያ በተዘረጋው ቀበቶ ውስጥ እንደኔ ብዙ ሰው አለ። ክሩን ሳነብ አንድ ነገር ከነከነኝ። ሁላችሁም ስለ መሣሪያ ታወራላችሁ። መሣሪያ የማይረዳው ሰውም አለ። እኔን አይረዳኝም። የምኖረው በኢትዮጵያ ምልክት ቋንቋ ነው። ቋንቋው ሰዋስው አለው፣ ቀልድ አለው፣ ስድብም አለው። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ በዲግሪ ያስተምረዋል።

ልጅ ሆኜ የከበደኝ አለመስማቴ አይደለም። እራት ላይ ሁሉም ይስቃል። «ምን አሉ?» ብዬ እህቴን በእጅ እጠይቃለሁ። «ኋላ እነግርሃለሁ» ትለኛለች። ኋላ የሚባለው ግን አይመጣም። ቤታችን ምልክት የተማረው ታናሽ ወንድሜ ብቻ ነው። ዛሬም የቤተሰቡን ወሬ የማገኘው ከሱ ነው።

@የሳሪስ_ልጅ፣ አባትህ እንደኔ አይደሉም። በሚሰማ ዓለም ኖረው አርጅተው ነው የደከማቸው፤ ምልክት ቋንቋ ተማሩ አልልህም። ግን «ተዉት፣ ምንም አይደለም» አትበሏቸው። ከሁሉ የሚያመው እሱ ነው።

የሳሪስ_ልጅ
እኛ እሱን ቃል በቀን ስንት ጊዜ እንደምንለው አሁን ነው ያሰብኩት። አመሰግናለሁ ወንድሜ።

ድኜ_ወጣሁ
እኔ ደግሞ ሌላ ምክንያት ልንገራችሁ። መድኃኒት የተላመደ ቲቢ ይዞኝ ለወራት መርፌ ተወግቻለሁ። ካናማይሲን ነበር። ሳንባዬ ዳነ። ጆሮዬ ግን መጀመሪያ ጮኸ፣ ከዚያ ደከመ። ያን ጊዜ ሌላ ምርጫ አልነበረም፤ በሕይወት አለሁ፤ አላማርርም። በ2019 የዓለም ጤና ድርጅት ካናማይሲን ለዚህ ሕክምና እንዳይሰጥ መክሯል። አሁን የሚዋጥ መድኃኒት ነው በብዛት የሚሰጠው። ጄንታማይሲንና ስትሬፕቶማይሲንም የዚሁ ዘመድ ናቸው። የምትወስዱ ሰዎች፣ ጆሯችሁ መጮህ ከጀመረ ለሐኪሙ ያንኑ ቀን ንገሩት። በራሳችሁ ግን አታቋርጡ።

ባለቤቴ_ይሰማል
እስቲ እኔ ስለ ኑሮው ላውራ። ባለቤቴ መሣሪያ ካደረገ ቆይቷል። መሣሪያው ግማሹን ነው የሚሠራው። ግማሹ የኛ ሥራ ነው።

ከኩሽና ሆኜ አልጣራም። ገብቼ፣ ፊት ለፊቱ ቆሜ፣ በስሙ ጠርቼ፣ ሲያየኝ ነው የማወራው። ጀርባዬን ለመስኮት ሰጥቼ አልቆምም፤ ብርሃኑ ፊቴ ላይ መሆን አለበት፣ ከንፈሬን እንዲያይ። እያላመጥኩ አላወራም። ካልሰማኝ ያንኑ ቃል አልደጋግምም፤ ሌላ ቃል እፈልጋለሁ። «ሐሙስ» አልገባ ካለው «ከዓርብ በፊት» እለዋለሁ። ቁጥር ከሆነ በጣት አሳየዋለሁ። ዝግ ማለትም ልክ አለው። ቃል በቃል እየቆረጣችሁ ብታወሩ እንደ ሕፃን ቆጠራችሁኝ ይላል።

ቡና ሲፈላ ቦታው የታወቀ ነው። ጀርባው ግድግዳ ላይ፣ ሁሉም ፊት ለፊቱ፣ ቴሌቪዥን ጠፍቶ። እንግዳ ሲበዛ ከጎኑ አንድ ሰው ይቀመጣል። ወሬው ሲቀየር «ስለ ኮንዶሚኒየሙ ነው» ይለዋል ዝቅ ብሎ። ርዕሱን ካወቀ ቀሪውን ራሱ ይሞላዋል። ለቅሶ ቤትና ሰርግ ግን አሁንም ከባድ ነው። ሰርግ ላይ መሣሪያውን አውልቆ ኪሱ ይከተዋል። እኔም አልፈርድበትም፣ ያ ድምፅ ማጉያ ደህናውንም ሰው ያሳብዳል።

በተለይ ማታ ማታ ይደክመዋል። ቀኑን ሙሉ የጎደለውን እየገመተ ስለሚሰማ ነው። ያን ሰዓት ቁም ነገር አላነሳበትም። እናትህ ይህን ብታውቀው ብዙ ኩርፊያ ይቀራል።

የሳሪስ_ልጅ
ሄድን! ዘዴው የእናቴ ነው። «እኔም ጆሮዬን ላሳይ ነው፣ ብቻዬን አልሄድም» አለቻቸው። እሷን ሊሸኙ መጥተው ተመረመሩ።

ቀኝ ጆሯቸው ውስጥ የነበረው ኩክ ድንጋይ ሆኗል። አባባ ሲበላቸው በክብሪት እንጨት ነበር የሚቆፍሩት፤ ለካ ወደ ውስጥ እየጠቀጠቁት ኖሯል። ሐኪሙ ማለስለሻ ጠብታ ሰጥቶ አውጥቶላቸዋል። ከዚያ ድምፅ የማይገባበት ክፍል ውስጥ አስገብተው መረመሯቸው። ወረቀቱ ላይ የሁለቱም ጆሮ መስመር በወፍራሙ ድምፅ በኩል ደህና ነው። ወደ ቀጭኑ ሲሄድ ቁልቁል ይወርዳል። ልክ @ከአንገት_በላይ እንዳለው። ባለሙያዋ ወረቀቱን አሳይታ ስታስረዳቸው አባባ ወደ እናቴ ዞረው «አየሽ? አልሰማም አላልኩም» አሉ። እናቴ መሣቋን ማቆም አቃታት።

ለሁለቱም ጆሮ መሣሪያ ታዟል። ዋጋው ያስደነግጣል፤ እኔና ወንድሜ ተካፍለናል። ለሙከራ ሲያደርጉላቸው የመጀመሪያ ጥያቄያቸው «ይሄ የሚንኮሻኮሸው ምንድን ነው?» የሚል ነበር። የገዛ ጃኬታቸው ነው።

ከአንገት_በላይ
ደስ ይላል። ለመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ማንኪያው፣ የቧንቧው ውሃ፣ የራሳቸው ድምፅ ሁሉ ያናድዳቸዋል። አንጎላቸው ረስቷቸዋል። መጀመሪያ ቤት ውስጥ፣ ከአንድ ሰው ጋር፣ በቀን ጥቂት ሰዓት ያድርጉት። ገበያና ቤተ ክርስቲያን ኋላ ይደርሳል። ማስተካከያ ቀጠሮውን አይዝለሉ፤ ብዙ መሣሪያ መሳቢያ ውስጥ የሚቀረው በዚያ ነው።

ገርጂ_ማዞሪያ
እኔም ልመልስ። የነርቭ ነው ተባልኩ። ስቴሮይድ ጀምሬያለሁ። ትንሽ ትንሽ እየተከፈተ ነው፤ ገና አልሞላም። ሐኪሙ በጊዜ መምጣትህ ጥሩ ነው ብሎኛል።

ድኜ_ወጣሁ
እግዚአብሔር ይጨርስልህ።

የሳሪስ_ልጅ
አንድ ጥያቄ ቀረኝ። የባትሪው ማሸጊያ ቡናማ ነው፣ 312 ይላል። አባባ ዛሬ የሁሉንም ባትሪዎች ልጥፍ ነቅለው በሳህን ደርድረውታል፣ «ዝግጁ ይሁን» ብለው። ችግር አለው?

ባለቤቴ_ይሰማል
ውይ! ባትሪው በአየር ነው የሚሠራው። ልጥፉ ሲነቀል አየር ይገባና መሥራት ይጀምራል። መልሳችሁ ብትለጥፉትም ሙሉ በሙሉ አይቆምም። ስለዚህ የተነቀሉትን አሁን አንድ በአንድ ተጠቀሙባቸው፤ ቶሎ ያልቃሉ። ከአሁን በኋላ ሊከቱት ሲሉ ብቻ ነቅለው፣ አንድ ደቂቃ ያህል አቆይተው ይክተቱት። ማታ ደግሞ የባትሪውን በር ክፍት አድርገው ይደሩ። ሲገዙ ቡናማውን ይጠይቁ፤ ብርቱካናማው 13 ቁጥር ነው፣ እሱ አይገባም። ቤት ውስጥ ሕፃን ካለ ደግሞ ሳህኑን አሁኑኑ ከፍ አድርገው ያስቀምጡ። ከተዋጠ አደገኛ ነው።